ብርሃን የወለደው ድምፅ፤ የአሌክሳንደር ግራሃም ቤል ሕይወትና ያንድ ቃል ታሪክ

በጣና ሐይቅ ደሴቶችና በዘጌ ወዳሉት ገዳማት የሄደ ሰው በቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ውስጥ ተንጠልጥሎ የሚታየውን የድንጋይ ደወል ያውቀዋል። ድንጋዩ በራሱ ዝም ያለ ነው፤ ነገር ግን በሌላ ድንጋይ ሲመቱት ድምፁ ርቆ ይሰማል። ከበሮም እስኪመታ፥ ማሲንቆም በደጋኑ እስኪነካ፥ ዋሽንትም እስኪነፋ ድረስ ዝም ይላሉ። ስለዚህ ሰው ሁሉ ከልጅነቱ ጀምሮ አንድ ነገር ያውቃል፤ ይኸውም ድምፅ እንዲወለድ አንዱ ነገር ሌላውን መምታት ወይም መንካት አለበት የሚል ነው። እንግዲህ ውድ አንባቢዎች ሆይ፥ ይህን ይዘን አንድ ጥያቄ እንጠይቅ። እጅ ሳይነካው፥ ነፋስም ሳይነፍስበት፥ ብርሃን ብቻ ያረፈበት ነገር ድምፅ ሊሰጥ ይችላልን?

መልሱ አዎን፥ ይችላል ነው። ይህንንም ነገር ሊቃውንት ዛሬ ፎቶአኩስቲክ በሚለው ቃል ይጠሩታል። የቃሉ ሥር ግሪክኛ ሲሆን የመጀመሪያው ክፍል ብርሃን ማለት ነው፤ ፎቶግራፍ በሚለው ቃል ውስጥ የምናገኘውም ይኸው ነው። ሁለተኛው ክፍል መስማትን የሚመለከት ነው። በአማርኛ ብርሃን ወለድ ድምፅ ብንለው አሳቡን ይገልጸዋል። ይህን ድምፅ መጀመሪያ የሰማው ሰው በዓለም ሁሉ የታወቀ ነው፤ ነገር ግን የታወቀው በዚህ ሥራው አይደለም። እርሱም የስልክ ፈልሳፊ አሌክሳንደር ግራሃም ቤል ነው። ስለ ስልክ ብዙ ተጽፏል። እኛ በዚህ በትምህርት ቤታችን የበዓል መጽሔት የምንተርከው ቤል ከስልክ አብልጦ የወደደውን ሥራና፥ ለዚያ ሥራ ያወጣውን ስም ራሱ እንዴት እንዳረመው ነው። በጽሑፉ ውስጥ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

አሌክሳንደር ግራሃም ቤል በስኮትላንድ ዋና ከተማ በኤዲንብራ መጋቢት 3 ቀን 1847 ተወለደ። ቤል የሚለው የቤተሰቡ ስም በእንግሊዝኛ ደወል ማለት ነው። አያቱና አባቱ የንግግር መምህራን ነበሩ። አባቱ አሌክሳንደር ሜልቪል ቤል ማናቸውም የሰው ድምፅ ሲነገር ከንፈር፥ ምላስና ጉሮሮ እንዴት እንደሚሆኑ በምልክት የሚያሳይ አንድ የፊደል ዓይነት አዘጋጀና በ1867 በመጽሐፍ አሳተመው። በዚህ ፊደል የተጻፈውን ሰው ቋንቋውን ባያውቀውም እንኳ ድምፁን አስተካክሎ ሊያነበው ይችል ነበር። እንዲህ ባለ ቤት ያደገ ልጅ ድምፅን መመርመር ልማዱ ቢሆን የሚያስደንቅ አይደለም። በወጣትነቱ ከታላቅ ወንድሙ ጋር ሆኖ እናትን የሚጠራ ቃል የሚያሰማ ሰው ሠራሽ ራስ ሠራ፤ ውሻቸውንም እያጉረመረመ ሳለ መንጋጋውን በእጁ እያንቀሳቀሰ ቃል የሚመስል ድምፅ እንዲያወጣ አለማመደው።

በዚያው ቤት ውስጥ ግን የዝምታ ሐዘንም ነበረ። እናቱ ኤሊዛ መስማት እየተሳናት ሄደ። ሌሎች ሰዎች በመስሚያ ቀንድ በኩል እየጮኹ ሲያነጋግሯት ልጅዋ አፉን ወደ ግንባሯ አስጠግቶ ዝቅ ባለ ድምፅ ይናገር ነበር፤ የድምፁ ንዝረት በአጥንቷ በኩል እንደሚደርሳት ያምን ነበርና። ድምፅ ከጆሮ ሌላ መንገድ ሊኖረው ይችላል የሚለው አሳብ በዚህ ሳይጀምረው አልቀረም።

ከዚህ በኋላ በቤተሰቡ ላይ ከባድ መከራ ደረሰ። ታናሽ ወንድሙ በ1867፥ ታላቅ ወንድሙም በ1870 በሳንባ ነቀርሳ ሞቱ። የእርሱም ጤና እየደከመ ሄደ። ወላጆቹ የቀረላቸውን አንድ ልጅ ለማትረፍ ሲሉ በ1870 አገራቸውን ትተው ወደ ካናዳ ተሰደዱና ብራንትፎርድ በምትባል ስፍራ ተቀመጡ። በዚያም አየሩ ስለ ተስማማው ጤናው ተመለሰ።

በ1871 ቤል ወደ ቦስተን ከተማ ሄዶ መስማት የተሳናቸውን ልጆች ማስተማር ጀመረ። በ1873 በቦስተን ዩኒቨርሲቲ የንግግር መምህር ሆነ። ከተማሪዎቹ አንዲቱ ሜብል ሀባርድ ትባል ነበር። እርሷም በአምስት ዓመቷ ባደረባት ከባድ የትኩሳት በሽታ መስማት የተሳናት ስትሆን፥ የተናጋሪውን ከንፈር እያየች የሚባለውን ታስተውል ነበር። በ1877 ተጋቡ። ስለዚህ ስልክን ለዓለም የሰጠው ሰው እናቱም ሚስቱም በስልክ ሊያነጋግሩት የማይችሉ ነበሩ። የቤልን ሕይወት ማስተዋል የሚፈልግ ሰው ይህን ነገር መርሳት አይገባውም።

የስልኩን ታሪክ ባጭሩ እንናገር። ቤል ቀን እያስተማረ ሌሊት በኤሌክትሪክ ሽቦ ድምፅ ለማስተላለፍ ይደክም ነበር። ረዳቱም ቶማስ ዋትሰን የሚባል ጎበዝ የእጅ ሠራተኛ ነበረ። መጋቢት 7 ቀን 1876 የፈጠራ መብቱን የሚያረጋግጥ ወረቀት ተሰጠው። ከሦስት ቀን በኋላ በሌላ ክፍል የነበረውን ዋትሰንን በመሣሪያው ጠራውና ዋትሰን ቃሉን ለይቶ ሰምቶ መጣ። በዚያው ዓመት በፊላደልፊያ በተደረገው ታላቅ ኤግዚቢሽን የብራዚል ንጉሠ ነገሥት ዳግማዊ ፔድሮ መሣሪያውን በጆሯቸው አድርገው ሲሰሙ እጅግ ተደነቁ። ከዚያ ወዲህ የስልክ ዝና በዓለም ሁሉ ተሠራጨ። ወደ አገራችንም ሳይዘገይ ደርሷል። በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን በ1894 የቴሌኮሙኒኬሽን ሥራ ተመሠረተ፤ አዲስ አበባንና ሐረርን የሚያገናኘው መስመርም 477 ኪሎ ሜትር ርዝመት ነበረው።

ሌላ ሰው ቢሆን በዚህ ረክቶ በተቀመጠ ነበር። ቤል ግን ገና የ30 ዓመት ወጣት ስለ ነበረ ዐሳቡ ዕረፍት አላገኘም። በ1873 ዊሎቢ ስሚዝ የተባለ እንግሊዛዊ ሴሌኒየም የሚባለው ንጥረ ነገር ብርሃን ሲያርፍበት ኤሌክትሪክን አብልጦ እንደሚያሳልፍ፥ በጨለማ ግን እንደሚከለክል አስታውቆ ነበር። ቤል ይህን ሲሰማ፥ ድምፅ ያለ ሽቦ በብርሃን ላይ ተጭኖ ሊሄድ ይችላል ብሎ አሰበ። በ1880 የፈረንሳይ መንግሥት ስለ ስልክ ሥራው የቮልታን ሽልማት 50,000 ፍራንክ ሰጠው። በዚህም ገንዘብ በዋሽንግተን ከተማ የምርምር ቤት አቋቋመ። ረዳቱ ቻርልስ ሰምነር ቴይንተር የሚባል ብልህ የመሣሪያ ሠራተኛ ነበረ።

ሁለቱ የሠሩት መሣሪያ ፎቶፎን ተባለ። አሠራሩም እንዲህ ነው። የፀሐይ ብርሃን እጅግ ስስ በሆነ መስተዋት ላይ እንዲያርፍ ይደረጋል። ተናጋሪው ከመስተዋቱ ጀርባ ሆኖ ሲናገር ድምፁ መስተዋቱን ያንቀጠቅጠዋል፤ ከመስተዋቱ ተመልሶ የሚሄደውም ብርሃን እንደ ድምፁ አኳኋን አንዴ ይበረታል፥ አንዴ ይደክማል። በሩቅ ያለው ሌላ ጎድጓዳ መስተዋት ይህን ብርሃን ሰብስቦ በሴሌኒየም ላይ ይጥለዋል። ሴሌኒየሙ ከባትሪና ከስልክ መስሚያ ጋር የተያያዘ ነው። ብርሃኑ ሲበረታና ሲደክም ኤሌክትሪኩም ይበረታል፥ ይደክማል፤ ሰሚውም በመስሚያው የተናጋሪውን ቃል ይሰማል።

በየካቲት ወር 1880 ይህ መሣሪያ በምርምር ቤቱ ውስጥ ተሳካ። በዚያው ወር የቤል ሁለተኛ ሴት ልጅ ተወለደች። አባትየው በሥራው እጅግ ከመደሰቱ የተነሣ ልጅቱ ፎቶፎን ተብላ እንድትጠራ ፈልጎ እንደ ነበረ ይተረካል። በአገራችን ወላጆች በልጃቸው ስም ደስታቸውን፥ ተስፋቸውን ወይም የደረሰባቸውን ነገር ይገልጻሉና ይህ አሳብ ለኛ እንግዳ አይሆንም። እናቲቱ ግን አልፈቀደችምና ልጅቱ ማሪያን ተባለች።

በሰኔ ወር 1880 ቴይንተር ፍራንክሊን ወደሚባለው ትምህርት ቤት ሕንፃ ላይ ወጣ፤ ቤል ደግሞ በምርምር ቤቱ መስኮት አጠገብ ቆመ። በመካከላቸው 213 ሜትር ርቀት ነበረ። ቴይንተር በብርሃኑ ላይ እየተናገረ፥ ድምፁን ሰምቶት እንደሆነ ባርኔጣውን በመስኮት እንዲያወዛውዝለት ቤልን ጠየቀው። ቤልም ሰምቶ ባርኔጣውን አወዛወዘ። በባሕር ዳር በ2024 የተመረቀው አዲሱ የዓባይ ድልድይ 380 ሜትር ርዝመት አለው። እንግዲህ የቤል ብርሃን የተሸከመው ቃል ከዓባይ ማዶ ተነሥቶ በድልድዩ ላይ ቢጓዝ ከግማሹ ጥቂት አልፎ ይደርስ ነበር ማለት ነው። ርቀቱ ትንሽ ሊመስለን ይችላል፤ ነገር ግን በዚያ ዘመን ያለ ሽቦ የተላለፈ የሰው ቃል ነበረና እጅግ ታላቅ ሥራ ነው።

መሣሪያው ግን አንድ ከባድ ጉድለት ነበረበት። ደመና ሲመጣ፥ ጭጋግ ሲወርድ፥ ዝናብ ሲጥል ዝም ይላል። በኛ አገር ከጥቅምት እስከ ግንቦት ድረስ በደስታ በሠራ ነበር፤ በሐምሌና በነሐሴ ግን ከሰማዩ ጋር አብሮ በተዘጋ ነበር። አንድ የኒው ዮርክ ጋዜጣ፥ ፕሮፌሰር ቤል የፀሐይ ጨረርን በስልክ እንጨት ላይ ሊሰቅል ነው ወይ እያለ በነገሩ አሾፈ። ፎቶፎን ገበያ አላገኘም። ቤል ግን እስከ ዕድሜው መጨረሻ ድረስ ይህን ሥራ ከስልክ የሚበልጥ ፈጠራው አድርጎ ይቈጥረው ነበር።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ደረስን። እስካሁን በተናገርነው መሣሪያ ውስጥ ብርሃን የድምፅ ወላጅ አልነበረም፤ ተሸካሚ ብቻ ነበረ። ድምፁን በመጨረሻ የሚያወጣው በኤሌክትሪክ የሚሠራው የስልክ መስሚያ ነው። ነገር ግን ቤልና ቴይንተር ይህን ሲመረምሩ ያልታሰበ ነገር አገኙ። ብርሃኑን ቀዳዳዎች ባሉት በሚሽከረከር ክብ ሰሌዳ ቈራርጠው ከጠንካራ ጎማ በተሠራ ስስ ገጽ ላይ ቢጥሉትና ጆሯቸውን ቢያስጠጉ፥ ባትሪም ሽቦም ሴሌኒየምም ሳይኖር ገጹ ራሱ ጥርት ያለ ድምፅ ሰጠ። ሌሎችንም ነገሮች እያፈራረቁ ቢሞክሩ ብዙዎቹ ድምፅ ሰጡ። ቤል ይህን በነሐሴ 27 ቀን 1880 በቦስተን በተሰበሰቡት የአሜሪካ ሊቃውንት ፊት አስታወቀ። ብርሃን ወለድ ድምፅ የተገኘው እንዲህ ነው።

አንባቢ ሆይ፥ ነገሩ እንዴት ሊሆን ይችላል ብለህ ትጠይቅ ይሆናል። የቆርቆሮ ክዳን ባለው ቤት የተቀመጠ ሰው ፀሐይ ከደመና ስትወጣ ክዳኑ ጧ ሲል፥ እንደ ገና ደመና ሲሸፍናት ሲንጣጣ ሰምቶ ይሆናል። ይህ የሚሆነው ቆርቆሮው ሲሞቅ ስለሚለጠጥ፥ ሲቀዘቅዝም ስለሚኰማተር ነው። የቤል ግኝትም የዚህ የቅርብ ዘመድ ነው። ብርሃን አንድን ነገር ሲመታና ነገሩ ብርሃኑን ሲውጠው፥ የተዋጠው ብርሃን ወደ ሙቀት ይለወጣል። ሙቀቱ ነገሩንና በአጠገቡ ያለውን አየር በጥቂቱ ያሰፋል። ብርሃኑ ሲቋረጥ ደግሞ ሁለቱም ተመልሰው ይኰማተራሉ። ይህ መስፋትና መኰማተር በሴኮንድ ብዙ መቶ ጊዜ ሲደጋገም አየሩ ይርገበገባል፤ የአየር መርገብገብ ደግሞ ድምፅ ነው። ለምሳሌ ሰሌዳው 40 ቀዳዳዎች ቢኖሩትና በሴኮንድ 10 ጊዜ ቢዞር፥ ብርሃኑ በሴኮንድ 400 ጊዜ ይቈራረጣል፤ የሚሰማውም ድምፅ በሴኮንድ 400 ጊዜ የሚርገበገብ ይሆናል። ሰሌዳው ሲፈጥን ድምፁ ይቀጥናል፥ ሲዘገይም ይወፍራል። ሰሌዳው ቆሞ ብርሃኑ ሳይቋረጥ ቢያበራ ግን ምንም አይሰማም።

ከዚህ ማብራሪያ አንድ ነገር እንደሚከተል ልብ በሉ። ድምፁ የሚወለደው ብርሃን ከተዋጠ ብቻ ነው። ስለዚህ ብርሃንን አብልጦ የሚውጥ ነገር አብልጦ መጮኽ አለበት። ቤልና ቴይንተርም ይህንኑ አገኙ። ከነጭ ሱፍ ይልቅ ጥቁር ሱፍ አብልጦ ጮኸ። ከሁሉም የበለጠ የጮኸው ግን እናቶቻችን ከድስት ቂጥ ፍቀው የሚጥሉት ጥላሸት ነበረ። ጥላሸት እጅግ ጥቁር ከመሆኑም በላይ በውስጡ ብዙ አየር የያዘ ልል ነገር ነው፤ ስለዚህ ብርሃኑን ይውጣል፥ በውስጡ ያለውም አየር ቶሎ ይሞቃል። ሰው የናቀው ነገር ከብርና ከወርቅ በልጦ ተገኘ። ወዲያውም በ1881 በእንግሊዝ አገር ጆን ቲንደል፥ በጀርመን አገር ደግሞ ኋላ በ1895 ኤክስ ሬይን ያገኘው ቪልሄልም ሮንትገን ነገሩን በጋዞች ላይ ፈተኑ፤ ጋዞችም በሚውጡት ጨረር ድምፅ እንደሚሰጡ አረጋገጡ።

ከዚህ በኋላ ቤል የፀሐይን ብርሃን በፕሪዝም ከፍሎ ወደ ቀለማቱ ዘረጋውና በጥላሸት የተቀባ ነገር በየቀለሙ ላይ እያኖረ ድምፁን አዳመጠ። ከሰማያዊው ወደ ቀዩ ሄደ፤ ድምፁ ይሰማ ነበር። ከቀዩ አልፎ ዐይን ምንም ብርሃን ወደማያይበት ስፍራ ሲደርስም ድምፁ አልጠፋም። በዚያ ስፍራ የሚያርፈው ዛሬ ኢንፍራሬድ የምንለው የማይታይ ጨረር ነው። ዐይን ጨለማ ነው ያለውን ስፍራ ጆሮ ብርሃን እንዳለበት መሰከረ።

ይህ ግኝት ግን በአንድ ቃል ላይ ፈረደበት። ፎቶፎን ማለት የብርሃን ድምፅ ማለት ነው። ድምፁን የሚወልደው የሚታየው ብርሃን ብቻ ሳይሆን የማይታየውም ጨረር ከሆነ፥ ስሙ እውነቱን በሙሉ አይናገርም ማለት ነው። ቤል ይህን ስም ለልጁ ሊያወጣላት እስኪመኝ ድረስ ወድዶት እንደ ነበር አይተናል። ዓመት ከጥቂት ወር ሳይሞላ ግን፥ በሚያዝያ ወር 1881 በአሜሪካ ብሔራዊ የሳይንስ አካዳሚ ፊት ባነበበው ጽሑፍ፥ ጠቅላላው ስም ራዲዮፎን እንዲሆን ሐሳብ አቀረበ። ይህንንም ስም ፈረንሳዊው ሊቅ መርካድዬ አስቀድሞ እንዳቀረበው ሳይደብቅ ተናገረ። ራዲዮ ያለው ጨረር ከሚለው የላቲን ቃል ነው። ፎቶፎን የሚለው ስም በሚታይ ብርሃን ለሚሠራው ብቻ እንዲቀር፥ በሙቀት ጨረር የሚሠራው ቴርሞፎን፥ በቀለማት ማዶ ኬሚካዊ ለውጥ በሚያመጣው ጨረር የሚሠራው ደግሞ አክቲኖፎን እንዲባል ወሰነ። እያንዳንዱ ቃል ለአንድ ነገር፥ እያንዳንዱም ነገር በራሱ ስም እንዲጠራ አደረገ።

ነገር ግን ቃላት እንደ ሰው ዕድል አላቸው። በኋላ ራዲዮ የሚለው ቃል በማዕበል ያለ ሽቦ ለሚተላለፈው ወሬና ዘፈን መጠሪያ ሆነ። ዛሬ ራዲዮ ሲባል ስለ ጥላሸትና ስለ ፀሐይ የሚያስብ ማንም የለም። ስለዚህ ራዲዮፎን የሚለው ስም ለዚህ ነገር ሊያገለግል አልቻለም። ዛሬ በሊቃውንት ዘንድ የተለመደው ፎቶአኩስቲክ የሚለው ነው፤ አንዳንዶችም ኦፕቶአኩስቲክ ይሉታል፥ ሁለቱ አንድ ናቸው። ቃሉን ስንጠቀምበት ልንጠነቀቅበት የሚገባ ነገር ቢኖር፥ ብርሃን ድምፅን የሚሸከምበትን ነገር ብርሃን ድምፅን ከሚወልድበት ጋር አለማደባለቅ ነው። ድምፃችን ወደ ብርሃን ምልክት ተለውጦ በመስታወት ክር ውስጥ ሲጓዝ ብርሃን ተሸካሚ ነው፤ ይህ የፎቶፎን ልጅ ነው። ጥላሸት በተቈራረጠ ብርሃን ሲጮኽ ግን ብርሃን ወላጅ ነው፤ ፎቶአኩስቲክ የሚባለው ይህ ብቻ ነው።

ይህ 1881 ለቤል የደስታ ዓመት ብቻ አልነበረም። በሐምሌ ወር የአሜሪካው ፕሬዚዳንት ጋርፊልድ በጥይት ተመቱ። ቤል ጥይቱ በሰውነታቸው ውስጥ የት እንዳለ በድምፅ የሚያመለክት መሣሪያ ፈጥኖ ሠራ። ሆኖም አልጋው የብረት ሞላ ስለ ነበረበትና ሐኪሙም ከአንድ ወገን በቀር እንዲፈልግ ስላልፈቀደለት ጥይቱ ሳይገኝ ቀረ፤ ፕሬዚዳንቱም በመስከረም ሞቱ። በነሐሴ ወር ደግሞ የቤል ወንድ ልጅ ተወልዶ መተንፈስ አቅቶት ወዲያው ሞተ። አባትየው በሐዘኑ ውስጥ ሆኖ መተንፈስ ላቃተው ሰው የሚረዳ የአየር መሣሪያ ለመሥራት ተነሣ።

ቤል ከዚያ በኋላም ብዙ ሥራ ሠርቷል። ማየትም መስማትም ለተሳናት ለሄለን ኬለር መምህር እንድታገኝ መንገድ ያመላከተው እርሱ ነው፤ ወዳጅነታቸውም እስከ ሞቱ ቈየ። በካናዳ በባዴክ አጠገብ በነበረው መኖሪያው ከወጣቶች ጋር ሆኖ አውሮፕላን አሠራ፤ ሲልቨር ዳርት የሚባለው አውሮፕላናቸውም የካቲት 23 ቀን 1909 በረረ። በ1919 ከባልደረቦቹ ጋር የሠራው በውሃ ላይ ከፍ ብሎ የሚከንፍ ጀልባ በሰዓት 114 ኪሎ ሜትር ሮጠ።

የታላቅ ሰው ታሪክ ሲጻፍ ግን ጉድለቱም መጻፍ አለበት። ቤል መስማት የተሳናቸው ልጆች በአፍ መናገርን ብቻ እንዲማሩ አጥብቆ ይሻ ነበር፤ በምልክት ቋንቋ መማራቸውን ተቃወመ። መስማት የተሳናቸው ሰዎች እርስ በርሳቸው መጋባታቸውንም እንደ ሥጋት ቈጥሮ በ1883 ጽፏል። በዚህ ምክንያት ብዙዎች መስማት የተሳናቸው ሰዎች እስከ ዛሬ ድረስ ይወቅሱታል፤ ወቀሳቸውም ትክክል ነው። የምልክት ቋንቋ ሙሉ ቋንቋ መሆኑ ዛሬ ታውቋል፤ በአገራችንም የኢትዮጵያ ምልክት ቋንቋ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ይሰጣል። የመሣሪያውን ስም ጥላሸት ሲመሰክርበት ያረመው ሰው፥ ሰዎች ስለ ራሳቸው ሲመሰክሩ ግን አሳቡን አላረመም።

አሌክሳንደር ግራሃም ቤል ነሐሴ 2 ቀን 1922 በባዴክ በ75 ዓመቱ ሞተ። በተቀበረበት ቀን፥ በነሐሴ 4፥ ለክብሩ በሰሜን አሜሪካ ያሉት ስልኮች ሁሉ ለአንድ ደቂቃ ዝም አሉ።

የብርሃን ወለድ ድምፅ ነገር ግን ከቤል በፊት ዝም ብሎ ነበር። ድምፁ ደካማ፥ የፀሐይም ብርሃን የማያስተማምን ስለ ነበረ፥ እርሱ በሕይወት ሳለ ለምንም አልጠቀመም። ከሞቱ በኋላ ጥሩ ማይክሮፎን ሲገኝ በ1938 የሶቪየት ሊቅ ቪንጌሮቭ በአየር ውስጥ ያለውን የጋዝ ዓይነትና መጠን በዚህ ድምፅ ለካ። በ1960 ሌዘር የሚባለው ብርቱ ብርሃን ተሠራ፤ ከዚያ በኋላ በአየር ውስጥ ያለ እጅግ ጥቂት ጋዝ እንኳ በድምፁ እየታወቀ መጣ። ዛሬ ደግሞ ሐኪሞችና ተመራማሪዎች እጅግ አጭር የሌዘር ብልጭታ ወደ ሰውነት ይልካሉ። ደም ብርሃኑን አብልጦ ስለሚውጥ የደም ሥሮች የሰው ጆሮ የማይሰማው ቀጭን ድምፅ ይሰጣሉ፤ መሣሪያውም ያንን ድምፅ ተቀብሎ የደም ሥሮቹን ሥዕል ያወጣል። ሥጋ ሳይቈረጥ፥ ኤክስ ሬይም ሳያስፈልግ በውስጥ ያለው ይታያል። ብርሃን ይገባል፥ ድምፅ ይወጣል፤ የቤል ጥላሸት ሥራ ይህንኑ ነበር።

ይህን ድምፅ መስማት ለተማሪም የሚቻል ነው። አንድ የመስታወት ብልቃጥ ውስጡ በአንድ ወገን በሻማ ጥላሸት ይጠቈር፤ ሌላው ወገን ብርሃን እንዲያስገባ ንጹሕ ሆኖ ይቅር። ብልቃጡ ከቀዘቀዘ በኋላ በትንሹ በተበሳ ክዳን ይዘጋና ንጹሑ ወገን ክር ባለው አምፖል አጠገብ ይያዝ። በአገራችን የኤሌክትሪክ ኀይል የአምፖሉ ብርሃን በሴኮንድ 100 ጊዜ ስለሚበረታና ስለሚደክም፥ ጸጥ ባለ ክፍል ጆሮውን ወደ ቀዳዳው ያስጠጋ ሰው ቀስ ያለ ጉምጉምታ ሊሰማ ይችላል። ይህን የሚያደርግ ሰው ከመምህሩ ጋር ሆኖ ያድርገው፤ ከጋለው አምፖልም ይጠንቀቅ።

እንግዲህ ጓደኞቼ ሆይ፥ የትምህርት ቤታችንን በዓል ስናከብር ከዚህ ሰው ሕይወት ምን እንማራለን? ትጋትን እንማራለን ብንል እውነት ነው፤ ግን የሁሉም ታላላቅ ሰዎች ታሪክ ይህንኑ ይናገራል። ከቤል ልዩ ሆኖ የምናገኘው ትምህርት ስለ ስም ነው። እኛ የሳይንስን ቃላት በፈተና ጊዜ ለመጻፍ ብለን በቃላችን እናጠናቸዋለን፤ ቃሉን ከያዝን ነገሩን የያዝን ይመስለናል። ቤል ግን ቃሉን ለነገሩ አገልጋይ አደረገው። የወደደው ስም ከእውነቱ አንሶ ሲያገኘው ለወጠው፤ የሌላ አገር ሰው የተሻለ ስም ቢያወጣ ሳያፍር ተቀበለው። በሌላ ጉዳይ ይህን ማድረግ ሲሳነው ደግሞ በሰዎች ላይ ጉዳት አመጣ። ስለዚህ አዲስ ቃል ባጋጠመን ቁጥር ትርጉሙ ምንድን ነው ብለን ከመጠየቅ አልፈን፥ የሚጠራው ነገር በእርግጥ ምን ያደርጋል፥ ከጎረቤቱስ በምን ይለያል ብለን እንጠይቅ። እንዲህ ያደረገ ተማሪ ቃሉን በፈተና ማግስት አይረሳውም፤ ነገሩን አውቆታልና።